ባሕር ሸሽ፦ የአንድ ጥምር ስም ትርጉሞችና አገልግሎት በጣና ዳርቻ

ባሕር ሸሽ የጣና ሐይቅ ውኃ በበጋ ሲጎድል ከሥሩ ለሚገለጠው መሬት የተሰጠ ስም ነው። ስሙ በብዛት የሚነገረው በሐይቁ ምሥራቅና ሰሜን ባሉት ሜዳማ ወረዳዎች፣ በፎገራ፣ በሊቦ ከምከም፣ በጎንደር ዙሪያና በደንቢያ ነው። መሬቱ ክረምቱን ውኃ ውስጥ ከርሞ ከመስከረም በኋላ ቀስ በቀስ ብቅ ይላል፤ ጭቃው እግር መያዙን ሲተው ይዘራበታል፤ ክረምት ሲገባ ተመልሶ ይሰጥማል። ከጣና ዙሪያ ርቆ የኖረ አማርኛ ተናጋሪ ቃሉን ሰምቶት ላያውቅ ይችላል። በዳርቻው ግን የገበሬው፣ የግብርና ባለሙያው፣ የአካባቢ ጥበቃ ሠራተኛውና የመሬት አስተዳደር ጽሕፈት ቤቱ የጋራ ቃል ነው፤ ይሁንና አራቱም በዚያው ቃል የሚጠሩት ነገር ሁልጊዜ አንድ አይደለም።

የመጀመሪያው ክፍል፣ ባሕር፣ እዚህ ላይ የጨው ውኃ ማለት አይደለም። በግእዝም ሆነ በአማርኛ ቃሉ ማንኛውንም ሰፊ ውኃ ያቅፋል፤ የጣና ዳርቻ ሰው ሐይቁን ባሕር እያለ ይጠራል፤ በደቡቡ ዳርቻ የተቆረቆረችው ከተማም ስሟን ያገኘችው ከዚሁ ነው። ዐረቦችም በዚሁ ሥር ቃል ወንዝን ሳይቀር ይጠራሉ፤ ዓባይ ሱዳን ሲደርስ ባሕር አል አዝራቅ የሚባልበት ጊዜ አለ። የሚገርመው ደግሞ ዛሬ ለጣና መደበኛ መጠሪያ የሆነው ሐይቅ በግእዝ ዋና ትርጉሙ የውኃ ዳር፣ ዳርቻ መሆኑ ነው። በመጻሕፍት ቋንቋ ዳሩ ሐይቅ፣ ውኃው ባሕር ነበር ማለት ነው። ባሕር ሸሽ ከሁለቱ መካከል የቆመውን፣ ዳርም ውኃም የሆነውን መሬት ይሰይማል።

አማርኛ ከባሕር ጋር ያጣመራቸው ስሞች ብዙ ናቸው፤ አገነባባቸው ግን ይለያያል። ባሕረ ሐሳብ፣ ባሕረ ሰላጤ፣ ባሕረ ገብ የሚሉት የግእዙን ዘርፍ አያያዥ ግእዝ ፊደል እንደያዙ የገቡ ናቸው። ባሕር ዳር፣ ባሕር ዛፍ፣ ባሕር ኃይል፣ ባሕር በር ያለ አያያዥ ጎን ለጎን የቆሙ ናቸው። ከእነዚህ ውስጥ ባሕር ዛፍ ከባሕር ማዶ ስለመጣ እንጂ ከውኃ ጋር ዝምድና ስላለው አልተሰየመም፤ ዛፉ ከአውስትራሊያ ምድር የፈለቀ ሲሆን ወደ ኢትዮጵያ የገባው በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን ነው። ባሕር ነጋሽ ደግሞ የቀይ ባሕርን አቅጣጫ የሚያስተዳድር ሹም ማዕርግ ነበር። ባሕር ሸሽ ከሁለተኛው ወገን ይመደባል፤ ነገር ግን ሁለተኛው ክፍሉ ስም ሳይሆን ከግስ የወጣ በመሆኑ ከወንድሞቹ ይለያል።

ሸሽ ብቻውን አይቆምም። ሸሸ ከሚለው ግስ የሚወጣው መደበኛ የባለቤት ስም ሸሺ ነው፤ ሸሽ መሬት ወይም ሸሽ ውኃ የሚል ግን የለም። በዚህ ረገድ ቃሉ ከሰው ሠራሽ፣ ከወፍ ዘራሽ፣ ከጊዜ አመጣሽና ከውኃ ወለድ ጋር አንድ ቤተሰብ ነው። የእነዚህም ሁለተኛ ክፍል ከጥምረቱ ውጭ ወይ አይነገርም፣ ወይ ሲነገር ሌላ ነገር ይሆናል፤ ወለድ ብቻውን የባንክ ጉዳይ ነው፣ ከሀገር በቀል የተነጠለው በቀልም ቂም ነው። የቤተሰቡ ዋና መለያ ግን የመጀመሪያው ስም አድራጊ መሆኑ ነው። ሰው ሠራሽ ሐይቅን የሠራው ሰው ነው፤ ወፍ ዘራሽን የዘራችው ወፍ ናት፤ ውኃ ወለድ በሽታን ያመጣው ውኃ ነው። ባሕር ሸሽ ሲባልም የሸሸው ባሕሩ ነው፤ መሬቱ ባለበት አለ።

ለአካባቢው እንግዳ የሆነ አንባቢ ግን ቃሉን በተቃራኒው ሊረዳው ይችላል። ሸሸ ተሳቢ የሚቀበል ግስ ነው፤ ሰው ጠላቱን ይሸሻል፣ ብርድን ይሸሻል። ስለዚህ ባሕር ሸሽ መሬት ከውኃ የራቀ፣ ባሕርን የሚሸሽ ደረቅ ምድር ተብሎ ቢነበብ ሰዋስው አይከለክልም። ይህን ንባብ የሚያጠናክር ጎረቤት ቃልም አለ፤ ባሕረ ገብ ሲባል ገቢው መሬቱ ነው፣ ባሕሩ ደግሞ የሚገባበት። ከባሕር ዳር ከተማ በጀልባ የሚደረስባት፣ በቡናዋና በገዳማቷ የታወቀችው ዘጌ እንዲህ ያለች ወደ ውኃው ገፍታ የገባች ምድር ናት። በባሕረ ገብ መሬቱ ይንቀሳቀሳል፣ በባሕር ሸሽ ውኃው ይንቀሳቀሳል። ልዩነቱን የሚያስረዳው አጠቃቀም እንጂ የቃሉ መልክ አይደለም።

ቃሉ ተራ ሐረግ ሳይሆን የረጋ ጥምር ስም መሆኑ በሁለት መንገድ ይታወቃል። አንደኛ፣ በመካከሉ ምንም አይገባም፤ ባሕር በጣም ሸሽ አይባልም። ሁለተኛ፣ የተወሳኝነት ምልክቱ በመጨረሻው ክፍል ላይ ያርፋል፤ ባሕር ሸሹ፣ ባሕር ሸሹን፣ በባሕር ሸሹ ላይ ይባላል። ሙሉ ዓረፍተ ነገር ሲሆን ግን ምልክቱ ወደ ባሕር ይመለሳል፤ ባሕሩ የሸሸው መሬት። የሁለቱ ፍች ተቀራራቢ ቢሆንም አንድ አይደለም፤ ባሕሩ የሸሸው መሬት የአንድን ጊዜ ድርጊት ይተርካል፣ ባሕር ሸሽ ግን የመሬት ዓይነት ነው። ጽሕፈቱ ላይ ስምምነት የለም፤ በሐመሩ ሐ የሚጽፉ አሉ፣ በሃሌታው ሀ የሚጽፉ ይበዛሉ፣ ሁለቱን ክፍሎች አጋጥሞ የሚጽፍም ይገኛል።

የቃሉ የመጀመሪያና ጥንተ ፍች ወቅታዊው መሬት ነው። ይህን ለመረዳት የሐይቁን ጠባይ ማየት ያስፈልጋል። ጣና በስፋቱ ከኢትዮጵያ ሐይቆች አንደኛ ነው፤ ከ3,000 ካሬ ኪሎ ሜትር በላይ ይሸፍናል፣ ከባሕር ጠለል በላይ 1,786 ሜትር ገደማ ላይ ይገኛል። በስፋቱ ልክ ግን ጥልቅ አይደለም፤ እጅግ ጥልቅ የሚባለው ሥፍራ 15 ሜትር እንኳ አያልፍም። ውኃውን በዋናነት የሚያመጡለት ግልገል ዓባይ፣ ጉማራ፣ ርብና መገጭ ናቸው፤ የሚወጣው ግን በአንድ በር፣ በባሕር ዳር በኩል በዓባይ ብቻ ነበር። የክረምቱ ጎርፍ ሐይቁን በመስከረም መጨረሻ አካባቢ ወደ ከፍተኛው ልክ ያደርሰዋል፤ ከዚያ እስከ ግንቦትና ሰኔ ይጎድላል። በዓመት ውስጥ በከፍተኛውና በዝቅተኛው ልክ መካከል ያለው የተፈጥሮ ልዩነት አንድ ሜትር ተኩል ያህል ነው።

አንድ ሜትር ተኩል ለቁመት ትንሽ ነው፤ ለሜዳ ግን ብዙ ነው። ዳርቻው ዐለታማና ቀጥ ያለ በሆነበት ውኃው ሲወርድ የሚገለጠው ጥቂት እርምጃ ብቻ ነው። ፎገራና ደንቢያ ግን ወንዞች በደለል ያነጠፏቸው ልሙጥ ሜዳዎች ናቸው። ዝንባሌው በሺህ አንድ በሆነ ሜዳ ላይ ውኃው አንድ ሜትር ሲወርድ ዳርቻው አንድ ኪሎ ሜትር ወደ ውስጥ ይሸሻል። ቃሉ በእነዚህ ወረዳዎች መበርታቱም ከዚህ የመጣ ነው፤ ስም የሚያስፈልገው ነገሩ ባለበት ነው።

ሁለተኛው ፍች እርሻው ነው። ባሕር ሸሽ እርሻ ሲባል፣ አንዳንዴም እርሻ የሚለው ተጥሎ ባሕር ሸሽ ብቻ ሲባል፣ ዝናብ ሳይጠብቁ መሬቱ ውስጥ በቀረው እርጥበት የሚዘራውን አዝመራ ያመለክታል። ሐይቁ ወጥቶ ሲመለስ ጥሩ ጥቁር አፈርና ለወራት የሚበቃ እርጥበት ትቶ ይሄዳል፤ ገበሬውም ውኃውን እግር በእግር እየተከተለ ይዘራል። ሽምብራና ጓያ በቀሪ እርጥበት መብቀል የለመዱ ስለሆኑ ለዚህ ይስማማሉ፤ በቆሎና ጤፍም ይዘራሉ። ሥራው ሁለት ጊዜ ከውኃው ጋር እሽቅድምድም ነው፤ መጀመሪያ እርጥበቱ ሳይደርቅ መዝራት፣ በኋላ ሐይቁ ሳይመለስ ማጨድ። የዘገየ ሰብል ውኃ ይበላዋል። እ.ኤ.አ. በ2006 ክረምት እንደሆነው ደግሞ ወንዞቹ ከልክ በላይ ሲሞሉ ጎርፉ ባሕር ሸሹን አልፎ ፎገራና ደንቢያ መንደሮች ውስጥ ይገባል። በዚሁ ሜዳ ሩዝ መስፋፋቱ ከባሕር ሸሽ ጋር ይምታታል፤ የፎገራ ሩዝ ግን የክረምቱን ውኃ ተጠቅሞ የሚበቅል ነው፣ ባሕር ሸሽ የሚጠቀመው ውኃው ከሄደ በኋላ የቀረውን ነው። በወረታ የሚገኘው ብሔራዊ የሩዝ ምርምርና ሥልጠና ማዕከል የመጀመሪያው ዓይነት ውጤት ነው።

ሦስተኛው ፍች ከወቅት የወጣ ነው፤ ሐይቁ ለቆት የማይመለስበትን መሬት ይሰይማል። እዚህ ላይ ሁለት ነገሮች በአንድ ቃል ተጠቃለዋል። አንደኛው ደለል ነው። ግልገል ዓባይ፣ ጉማራና ርብ ከደጋው ጠርገው የሚያመጡትን አፈር በአፋቸው ላይ ይጥላሉ፤ በዚያ ምድሩ ከፍ እያለ ወደ ሐይቁ ይገፋል። በትክክል ከታየ ይህ ባሕር የሸሸው ሳይሆን ባሕር የተገፋበት ነው፤ ቋንቋው ግን አይለየውም። ሁለተኛው የሐይቁ ልክ በሰው እጅ መቀነሱ ነው፤ የቃሉ ትልቁ ችግር የሚጀምረውም እዚህ ነው።

ከባሕር ዳር ወጣ ብሎ ዓባይ ከሐይቁ በሚለይበት ቦታ የጨረጨራ ግድብ ይገኛል። ግድቡ በመጀመሪያ በሁለት በሮች እ.ኤ.አ. በ1996 ተጠናቀቀ፤ በ2001 አምስት በሮች ተጨመሩለት። ዓላማው ሐይቁን እንደ ጎተራ ይዞ በበጋ ለጢስ ዓባይ የኃይል ማመንጫዎች ውኃ ማድረስ ነበር፤ አንደኛው ማመንጫ በ1964፣ ሁለተኛው በ2001 እ.ኤ.አ. ሥራ የጀመሩ ናቸው። ከዚያ በኋላ ሐይቁ መቼና ምን ያህል እንደሚጎድል ከዝናብ በተጨማሪ የበሮቹ አከፋፈት ይወስነው ጀመር። የዝናብ እጥረትና የኃይል ፍላጎት በተገናኙበት በ2003 እ.ኤ.አ. ሐይቁ ተለክቶ ከሚታወቀው ሁሉ ዝቅ አለ። ልኩ መርከቦች ከሚንቀሳቀሱበት 1,785 ሜትር በታች ወርዶ መጓጓዣ ለአራት ወራት ያህል ተቋረጠ፤ የደንገል መስክ በሰፊው ጠፋ፤ እርሻም በሐይቁ ወለል ላይ ገሠገሠ። በ2010 እ.ኤ.አ. በዋሻ ውኃ ወስዶ ወደ በለስ ወንዝ የሚለቀው የጣና በለስ ማመንጫ ሲመረቅ ሐይቁ ሁለተኛ መውጫ አገኘ። በዚያው ዓመት የዓለም አቀፉ የውኃ አስተዳደር ኢንስቲትዩት ያወጣው ጥናት፣ የታቀዱት የመስኖና የኃይል ሥራዎች ሁሉ ቢሟሉ የሐይቁ አማካይ ልክ በ0.44 ሜትር፣ ስፋቱም በአማካይ በ30 ካሬ ኪሎ ሜትር፣ በበጋ እስከ 81 ካሬ ኪሎ ሜትር ሊቀንስ እንደሚችል ገምቷል።

በ2003ቱ ዓይነት ዓመት የተገለጠውን መሬት ባሕር ሸሽ ብሎ መጥራት ታዲያ ግማሽ እውነት ነው። ቃሉ አድራጊው ባሕሩ እንደሆነ ይናገራል፤ በሩን የከፈተው ሰው፣ ውኃውን የወሰደው ዋሻ፣ ዳርቻውን ያረሰው በሬ ከስሙ ውስጥ የሉም። ቤተሰቡ ውስጥ ሰው ሠራሽ የሚል ቃል እያለ፣ ሰው ያጎደለው ውኃ የሸሸ መባሉ ለሁሉም ወገን ይመቻል፤ ጥፋቱን የሚሸከመው ራሱ ሐይቁ ይሆናልና።

አራተኛው አጠቃቀም የጽሕፈት ቤት ነው፤ እዚህ ባሕር ሸሽ ከሌላ ጥምር ቃል ጋር ይጋጫል። የአካባቢ ጥበቃ ባለሙያዎች ለዚሁ ዳርቻ ውኃ አዘል መሬት የሚለውን ይመርጣሉ። ሁለቱ ቃላት ብዙ ጊዜ አንዱን መሬት ይሰይማሉ፤ አሠራራቸው ግን ፊትና ጀርባ ነው። በውኃ አዘል አድራጊው መሬቱ ነው፣ ውኃው ታዝሏል፤ ስለዚህ ውኃው የመሬቱ አካል ነው፣ ቢደርቅ ጉዳት ነው። በባሕር ሸሽ ውኃው ሄዷል፣ መሬቱ ቀርቷል፤ ስለዚህ ለሥራ የተዘጋጀ ነው። አንዱ ቃል ይጠበቅ ይላል፣ ሌላው ይታረስ ይላል። ዩኔስኮ ጣናን በ2015 እ.ኤ.አ. በባዮስፌር ሪዘርቭነት ሲመዘግብ ከታሰቡት ነገሮች አንዱ ይኸው ዳርቻ ነው፤ ደንገሉ፣ ወፎቹ፣ ዓሣው የሚራባበት ጥልቀት የሌለው ውኃ። የነገደ ወይጦ ማኅበረሰብ ታንኳ የሚሠራበት ደንገል የሚበቅለው ደግሞ እህል የሚዘራበት መሬት ላይ ነው፤ ደንገሉ በተመነጠረ ቁጥር ለእነሱ ባሕር ሸሽ ሲሳይ ሳይሆን ጉድለት ነው።

በመሬት ሕግ ዘንድም ቃሉ ቋሚ ቦታ ለማግኘት ይቸገራል። በ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ የአማራ ክልል የገጠር መሬት አዋጅ፣ በ1998 የወጣው ቁጥር 133ም ሆነ እሱን በ2009 የተካው ቁጥር 252፣ ለአርሶ አደሩ የሚሰጠው የመጠቀም መብት ነው። የይዞታ ማረጋገጫ ደብተር ግን የሚለካ ስፋትና የማይንቀሳቀስ ወሰን ይፈልጋል። የባሕር ሸሽ አንዱ ወሰን ውኃ ነው፤ ውኃው ዘንድሮ የቆመበት አምና የቆመበት አይደለም። ከዳር ያለ ባለይዞታ ከማሳው ፊት የሚገለጠውን እንደ ማሳው ቅጥያ ያየዋል፤ መሬት የሌለው ወጣት የማንም ያልሆነ ሲል ያየዋል፤ ከብት አርቢው የበጋ ግጦሽ ነው ይላል፤ የፎገራ ከብት በዚህ ሜዳ ሣር የኖረ ዘር ነውና። ለእያንዳንዱ ቃሉ የሚሰጠው መብት የተለየ ነው።

እምቦጭ ሲመጣ የቃሉ ትርጉም ሌላ ነገር ተጨመረበት። አረሙ በጣና ላይ በይፋ የታወቀው እ.ኤ.አ. በ2011 ሲሆን የበረታውም በሰሜን ምሥራቁ፣ ማለትም ባሕር ሸሽ በሰፋበት ዳርቻ ነው። አጋጣሚ ብቻ አይደለም። የእምቦጭ ዘር ጭቃ ውስጥ ለዓመታት ሳይሞት ይቆያል፤ ለመብቀል ጥልቀት የሌለው ውኃ ወይም ብርሃን ያገኘ እርጥብ ጭቃ ይፈልጋል፤ እየሰጠመ የሚገለጥ መሬት ይህን ያሟላለታል። ውኃው ሲወርድ ተንሳፋፊው አረም ጭቃው ላይ ተነጥፎ ይቀራል፤ ገበሬው ለመዝራት መጀመሪያ ያንን ነቅሎ፣ አድርቆ፣ አቃጥሎ ማንሳት አለበት። ከማሳ የሚታጠበው ማዳበሪያ ደግሞ ተመልሶ አረሙን ይመግባል። ስለዚህ በእምቦጭ ዘመን ንግግር ባሕር ሸሽ አንድ ጊዜ ተጎጂ፣ አንድ ጊዜ ምክንያት ሆኖ ይቀርባል፤ ሁለቱም ልክ ነው።

ሌላው ዓለም ለዚህ ዓይነት መሬት ስም ከመስጠት አልቦዘነም። በሴኔጋል ወንዝ ሸለቆ ጎርፍ የሚለቀው መሬት ዋሎ ይባላል፤ ጎርፍ የማይደርስበት ደግሞ ዲዬሪ። የማናንታሊ ግድብ በ1988 እ.ኤ.አ. ካለቀ በኋላ የዋሎ ስፋት በግድቡ አለቃቀቅ የሚወሰን ሆነ። በእንግሊዝኛ የተለመደው አጠራር ጎርፍና መመለስ የሚሉ ስሞችን ያጣመረ ነው፤ ጎርፉ ይጠቀሳል እንጂ ሐይቅ ወይም ወንዝ አድራጊ ሆኖ አይታይም። በኢትዮጵያ ውስጥ የቅርቡ ምሳሌ ኦሞ ነው። በታችኛው ኦሞ ዳሰነችና ካራ የመሳሰሉ ሕዝቦች ወንዙ ሞልቶ በወረደበት ደለል ላይ ማሽላ ይዘሩ ነበር፤ የጊቤ ሦስት ግድብ ከ2015 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ውኃ መያዝ ሲጀምር ዓመታዊው ሙላት ቀረ። እዚያ ውኃው የሸሸው መሬት ሳይሆን ያልመጣበት መሬት ነው የቀረው፤ ለዚህኛው የጣናው ቃል አይሆንም።

የቃሉ ድንበር በሌሎች ሐይቆች ላይ ሲሞከር የበለጠ ይጠራል። የሐረማያ ሐይቅ በ1990ዎቹ ዓ.ም. ሲደርቅ ወለሉ ባሕር ሸሽ አልተባለም፤ የደረቀ ሐይቅ ነው የተባለው። ባሕር ሸሽ የሚለው ቃል ውስጥ የመመለስ ተስፋ፣ ወይም ስጋት፣ አለ፤ የሸሸ ሊመለስ ይችላል፣ የደረቀ ግን ያው የደረቀ ነው። ሐረማያ ቆይቶ በከፊል ውኃ መያዙ ይህን ልዩነት አያፈርሰውም፤ ስሙ ሲሰጥ መመለሱን የጠበቀ አልነበረምና። ከመተሐራ አጠገብ ያለው በሰቃ ደግሞ ተቃራኒው ነው፤ ከዓመት ዓመት እየሰፋ የግጦሽ መሬት፣ የመኪና መንገድና የባቡር ሐዲድ ተሻምቷል። ባሕር ለያዘው መሬት ባሕር ሸሽን የሚያህል የረጋ ጥምር ስም አማርኛ አልፈጠረም፤ ሰዉ በሙሉ ዓረፍተ ነገር ሐይቁ የወሰደው መሬት ይለዋል።